ያለመሞትን ፍለጋና የወባ መድኃኒት

በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በደቡብ ቻይና፣ በሉኦፉ ተራራ ላይ የኖረው ገ ሆንግ የዳኦይዝም ሊቅ ነበር። እንደ ብዙ የእምነቱ ሰዎች ያለመሞትን ይሻ ነበር፤ ለዚህም ትንፋሽን መግዛት፣ ዕፅዋት መልቀምና ማዕድን በእሳት መለወጥ ያስፈልጋል ብሎ ያምን ነበር። ሲናባር የሚባለው ቀይ ማዕድን ሲግል ብርማ ፈሳሽ ሜርኩሪ ይወጣዋል፤ ሜርኩሪውም ከድኝ ጋር ተዋህዶ ሲግል መልሶ ቀይ ይሆናል። ጠፍቶ የሚመለስ ነገር ሰውንም ከሞት ያስመልጣል ብለው ተስፋ ማድረጋቸው አይገርምም። ነገር ግን ሜርኩሪ መርዝ ነው፤ ከታንግ ሥርወ መንግሥት ነገሥታት መካከል እንዲህ ያለውን ቅመም ወስደው እንደሞቱ የሚነገርላቸው አሉ።

እኔን ይበልጥ የሚማርከኝ ገ ሆንግ ከምድጃው ዞር ብሎ ያዘጋጀው የድንገተኛ ሕክምና መጽሐፍ ነው። የጻፈው ውድ መድኃኒት ለመግዛት አቅም ለሌለው ሰው ነበር። ለሚያንቀጠቅጥ ትኩሳት ካዘዛቸው ብዙ መድኃኒቶች አንዱ ቺንግሃኦ የተባለ ተክል ነው፦ አንድ እፍኝ በውኃ ይዘፈዘፋል፣ ይጨመቃል፣ ጭማቂው ይጠጣል። ይፈላል አይልም።

ይህ ዝርዝር ከ1,600 ዓመት በኋላ ዋጋ አገኘ። በቬትናም ጦርነት ወቅት የወባ ተውሳክ ክሎሮኪንን እየተላመደ ወታደሮችን ሲጨርስ፣ ቻይና በ1967 (እ.ኤ.አ.) ምስጢራዊ የምርምር ፕሮጀክት ጀመረች። በ1969 የተቀላቀለችው ተመራማሪ ቱ ዮዮ የጥንት መጻሕፍትን አገላብጣ ቺንግሃኦ ላይ ብትደርስም የሙከራው ውጤት አንዴ ጥሩ፣ አንዴ ደካማ እየሆነ አስቸገራት። የገ ሆንግን አሠራር ደግማ ስታነብ ግን ተክሉ ሲፈላ ሙቀቱ ፍቱኑን ንጥረ ነገር ሳያጠፋው አይቀርም ብላ ጠረጠረች። በውኃ ፋንታ በ35 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ የሚፈላውን ኤተር ተጠቀመች። በጥቅምት 1971 የተሞከረው 191ኛው ናሙና በአይጦች ደም ውስጥ የነበረውን ተውሳክ ሙሉ በሙሉ አጠፋ። በሕሙማን ላይ ከመሞከሩ በፊት ቱ ራሷና ባልደረቦቿ ጠጡት። በ2015 የኖቤል ሽልማት ተቀበለች።

አርቴሚሲኒን የተባለው ይህ ንጥረ ነገር በውስጡ እርስ በርስ የተቆላለፉ ሁለት የኦክስጅን አቶሞች አሉት። ተውሳኩ ሄሞግሎቢን ሲበላ የሚለቀቀው ብረት ቁልፉን ይሰብረዋል፤ ከዚያ የሚፈጠሩት ቁርጥራጮች የተውሳኩን ፕሮቲኖች ያበላሻሉ። ይህን ገ ሆንግ ሊያውቅ አይችልም ነበር። ከጻፋቸው ብዙ መድኃኒቶች ውስጥ የትኛው እንደሚሠራ የለየው የላቦራቶሪ ሙከራ ነው። ቢሆንም አሠራሩን በጥንቃቄ መዝግቦ ማቆየቱ ትልቅ ውለታ ነው።

ኢትዮጵያ በ2004 (እ.ኤ.አ.) ለወባ ሕክምና የመረጠችውና ብዙዎች ኮአርተም በሚል ስሙ የሚያውቁት መድኃኒት መሠረቱ ይኸው ነው። ተክሉ የአሪቲ ዘመድ ነው፤ አሪቲን አፍልቶ መጠጣት ግን ወባን አያድንም። በክኒኑም ውስጥ አርቴሚሲኒን ለብቻው አይሰጥም፤ በሰዓታት ውስጥ ከደም ስለሚጠፋ የተረፈውን ተውሳክ የሚጨርስ አጋር መድኃኒት ይታከልበታል። ትኩሳቱ በረደ ብሎ ክኒኑን በመሃል ማቋረጥ አደገኛ የሚሆነውም ለዚህ ነው፤ የተረፈው ተውሳክ መድኃኒቱን ሊላመድ ይችላል። በምሥራቅ አፍሪካም መድኃኒቱን መቋቋም የጀመሩ ተውሳኮች ታይተዋል።