ከቦርደዴ ወደ ስታዲየም፦ በሦስት ደረጃ ምክንያት የሚቀረው ደንበኛ

የእግር ኳስ ጉዞ የራሱ ገበያ አለው። ጨዋታ ባለበት ሰሞን የኮንትራት መኪና ይፈለጋል፤ አልጋ ይያዛል፤ ምግብ ቤት ይሞላል፤ ማሊያ ሻጩም ባጃጅ ነጂውም የድርሻቸውን ያገኛሉ። ከዚህ ገበያ ግን ዘወትር የሚቀር አንድ ደንበኛ አለ። የሚቀረው ገንዘብ አጥቶ ወይም ኳስ ጠልቶ አይደለም። በክራንች ወይም በተሽከርካሪ ወንበር የሚሄድ በመሆኑ፣ መኪና ላይ እንዴት እንደሚወጣ፣ መንገድ ላይ የት እንደሚጸዳዳና ስታዲየሙን በየትኛው በር እንደሚገባ አስቀድሞ ያሰበለት ስለሌለ ነው።

ይህን ጉዳይ በአንድ መስመር ላይ አድርጎ ለመመልከት ቦርደዴ ጥሩ ቦታ ናት። ቦርደዴ በምዕራብ ሐረርጌ ዞን፣ አዋሽን አልፎ ወደ አሰቦትና ሚኤሶ በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ የምትገኝ የቆላ ከተማ ናት። መንገዱ ከሚኤሶ በኋላ ወደ ጭሮ (አሰበ ተፈሪ) ሽቅብ ይወጣል፤ ሂርናን፣ ጨለንቆንና ቁልቢን አልፎ በደንገጎ ቁልቁል ወደ ድሬዳዋ ይወርዳል። ወደ ምዕራብ ሲኬድ ደግሞ በአዋሽና በመተሐራ አድርጎ አዳማ ይደርሳል።

ሁለት አስተናጋጅ ከተሞች፣ አንድ መንገድ

እንደሚታወቀው የ2012 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግ በኮሮና ወረርሽኝ ምክንያት ተሰርዟል። ከ2013 ዓ.ም. ወዲህ ሊጉ ክለቦች ተራ በተራ በየሜዳቸው የሚጫወቱበት መሆኑ ቀርቶ በተመረጡ ከተሞች እየተሰበሰበ ሲካሄድ ቆይቷል። በእነዚህ ዓመታት ካስተናገዱት ከተሞች መካከል ድሬዳዋና አዳማ ይገኙበታል። ድሬዳዋ ለማስተናገድ አዲስ አይደለችም፤ በ1968 ዓ.ም. ኢትዮጵያ የአፍሪካ ዋንጫን ስታዘጋጅ ከአዲስ አበባ ቀጥሎ ሁለተኛዋ የውድድር ከተማ እርሷ ነበረች።

ይህ አሠራር ለመንገዱ ዳር ከተሞች ትርጉም አለው። ጨዋታ በአንድ ከተማ ሲሰበሰብ ለአብዛኛው ደጋፊ ሁሉም ጨዋታ ከሜዳ ውጪ ይሆናል። በሌላ በኩል አንድ ጊዜ የተጓዘ ሰው በሁለት ቀን ውስጥ ሦስትና አራት ግጥሚያ ሊያይ ይችላል። ስለዚህ ጉዞው የደርሶ መልስ መሆኑ ቀርቶ አዳር ያለበት ሆኗል። አዳር ካለ አልጋ አለ፤ እራት አለ፤ ቁርስ አለ። ከአዲስ አበባና ከአዳማ ወደ ድሬዳዋ የሚሄደውም፣ ከድሬዳዋ ወደ አዳማ የሚወርደውም ደጋፊ የየብሱን መንገድ ከያዘ በቦርደዴ ያልፋል።

ገበያው ምን ያህል ነው?

በ1999 ዓ.ም. በተካሄደው የሕዝብና ቤት ቆጠራ በአገሪቱ የተመዘገቡት አካል ጉዳተኞች 864,218 ነበሩ፤ ከጠቅላላው ሕዝብ ከ1 በመቶ ትንሽ ከፍ ያለ ማለት ነው። የዓለም ጤና ድርጅትና የዓለም ባንክ በ2003 ዓ.ም. ያወጡት ሪፖርት ደግሞ የኢትዮጵያን 17.6 በመቶ ያደርሰዋል። ይህን ያህል ልዩነት የሚመጣው ከአቆጣጠር ነው። “አካል ጉዳተኛ ነህ ወይ?” ብሎ መጠየቅና “ደረጃ መውጣት ያስቸግርሃል ወይ?” ብሎ መጠየቅ የተለያየ መልስ ያመጣሉ።

ለነጋዴ የሚጠቅመው ሁለተኛው ጥያቄ ነው። ጉልበቱን የሚያመው ጡረተኛ፣ እግሩ በጄሶ የታሰረ ወጣት፣ በመኪና አደጋ ወገቡን የተጎዳ ሾፌር፣ ነፍሰ ጡር ሴት፣ ሪህ የያዘው ባለሱቅ ሁሉም ደረጃው ፊት ሲደርሱ ያው ደንበኛ ናቸው። ከዚህም በላይ ይህ ደንበኛ ብቻውን አይጓዝም። ወንድሙ ወይም ጓደኛው አብሮት ይሄዳል። እርሱ “ይቅርብኝ” ሲል ሁለትና ሦስት መቀመጫ፣ ሁለትና ሦስት ሳህን አብሮ ይቀራል። ብዙ ጊዜም ቡድኑ የሚያርፍበትን ቤት የሚወስነው ያ ችግር ያለበት ሰው የሚገባበት በር ነው።

ከመኪናው ይጀመራል

የመጀመሪያው ውሳኔ የመኪናው ዓይነት ነው። ቅጥቅጥ የሚባለው አውቶቡስ ወለሉ ከፍ ያለ፣ ደረጃው ጠባብ በመሆኑ በተሽከርካሪ ወንበር ለሚሄድ ሰው አስቸጋሪው ነው። ኮስተር ደግሞ ለቡድን ይመቻል፤ ነገር ግን ደረጃ አለው። አባዱላና ሌሎች ሚኒባሶች በጎን ተንሸራታች በር ስላላቸውና ወለላቸው ዝቅ ስለሚል ይሻላሉ። ከሁሉም ቀላሉ የቤት መኪና የፊት ወንበር ነው። የተሽከርካሪ ወንበሩን ከመኪናው መቀመጫ አጠገብ አስጠግቶ በሁለቱ መካከል በደንብ የተላገ ጣውላ በማጋደም ሰውየው በራሱ ክንድ ተንሸራቶ ሊያልፍ ይችላል። ጣውላው ማንኛውም አናጺ የሚሠራው ነው።

ሰው ተሸክሞ ማውጣት ግድ ከሆነ “ከአያያዝ ይቀደዳል” የሚለውን ተረት ማስታወስ ይገባል። ረዳቱ ቸኩሎ በብብቱ አፈፍ ማድረግ የለበትም። እንዴት እንደሚያዝ የሚያውቀው ባለቤቱ ስለሆነ እርሱን መጠየቅ ይቀድማል።

አቀማመጡም ይታሰብበት። ከጭሮ እስከ ደንገጎ ያለው መንገድ ዳገትና ጠመዝማዛ ይበዛዋል። ወገቡን ማዘዝ የማይችል ሰው በየጥምዝምዙ ይንሸራተታል፤ ስለዚህ ቀበቶ ያለው መቀመጫ ያስፈልገዋል። ከኋላ ጎማ በላይ ያለው ቦታ ስለሚያንገጫግጭ አይመረጥም።

ወጪው ምን ያህል ነው? ለስሌት እንዲመች 24 መቀመጫ ያለው መኪና በ24,000 ብር ኮንትራት ተያዘ እንበል። የአንድ ሰው ድርሻ 1,000 ብር ነው። የታጠፈውን ተሽከርካሪ ወንበርና ዕቃውን ለማስቀመጥ 2 መቀመጫ ቢለቀቅ ድርሻው 1,091 ብር ይሆናል፤ ጭማሪው 9 በመቶ ነው። ይህን ሸክም በአካል ጉዳተኛው ላይ ብቻ መጫን ተገቢም አትራፊም አይደለም። ለ22 ሰው ሲካፈል ግን ማንንም አይጎዳም።

ወንበሩ ፖርቶ መጋላ ላይ የሚጫን ከሆነ ትራሱና የእግር ማስቀመጫው ተነቅለው ከባለቤቱ ጋር ይቀመጡ፤ ከባድ ዕቃም አይደረብበት። እንደ ጭነት ሂሳብ እንደማይጠየቅበት ደግሞ ከመነሣቱ በፊት ስምምነት ይደረስ። መናኸሪያ ላይ የሚነሣው ጭቅጭቅ አብዛኛው ከዚህ ነው።

ባቡርን የሚመርጥም አለ። በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው የአዲስ አበባ–ጅቡቲ የኤሌክትሪክ ባቡር በአዳማ፣ በአዋሽ፣ በሚኤሶና በድሬዳዋ ጣቢያዎች አሉት። ለቦርደዴ ሰው የሚቀርቡት አዋሽና ሚኤሶ ናቸው። ሰፊ ወለልና የማያንገጫግጭ ጉዞ ጥቅሙ ነው። ይሁን እንጂ የአዳማና የድሬዳዋ ጣቢያዎች ከከተማው መሀል የራቁ በመሆናቸው ከጣቢያ እስከ ስታዲየም የሚወስድ መኪና አስቀድሞ መያዝ አለበት። ባቡሩ የሚነሣበትን ቀንና ሰዓትም ከጨዋታው መርሐ ግብር ጋር ማመሳከር ያስፈልጋል።

ውኃና መጸዳጃ

በዚህ መንገድ ላይ ትልቁ ችግር ብዙ ጊዜ የማይወራው ነው። መጸዳጃ እንደማያገኝ የሚያውቅ ተጓዥ ከዋዜማው ጀምሮ ውኃ መጠጣት ይተዋል። በአዋሽ፣ በቦርደዴና በድሬዳዋ ሙቀት ይህ አደገኛ ነው። በተለይ የጀርባ አጥንታቸው የተጎዳ ሰዎች ሰውነታቸው በላብ የመቀዝቀዝ ችሎታው ስለሚቀንስ ሙቀቱ ቶሎ ይጥላቸዋል። ለረጅም ሰዓት ሳይንቀሳቀሱ መቀመጥም ቁስል ያመጣባቸዋል፤ በየግማሽ ሰዓቱ ሰውነታቸውን ከመቀመጫው ከፍ ማድረግ፣ ወፈር ያለ ትራስም መያዝ አለባቸው።

መፍትሔው ማረፊያን በእቅድ መያዝ ነው። መኪናው ሾፌሩ ደስ ባለው ቦታ ሳይሆን መጸዳጃው በታወቀ ቤት ይቁም። ለክፉ ቀን መቀመጫው መሀሉ ክብ ሆኖ የተቆረጠ የፕላስቲክ ወንበር ከነባልዲው መያዝ ቀላል ዘዴ ነው። ወንበሩ በመቀመጥ ችግር ላለበት ሽማግሌም ያገለግላል።

ለቦርደዴ ባለሀብት

የቦርደዴ ዕድል ያለው እዚህ ላይ ነው። በአውራ ጎዳና ዳር ከተሞች የምግብ ቤት በረንዳ ከአቧራና ከጎርፍ እንዲተርፍ ከፍ ተደርጎ ይሠራል። ያ ከፍታ ነው ደንበኛውን የሚመልሰው። ራምፕ የሚባለው ተዳፋት መወጣጫ የታወቀ ልክ አለው፤ ለ1 ሴንቲ ሜትር ከፍታ 12 ሴንቲ ሜትር ርዝመት። ስለዚህ 15 ሴንቲ ሜትር ከፍታ ላላት አንዲት ደረጃ 1.80 ሜትር፣ 45 ሴንቲ ሜትር ለሚሆኑ ሦስት ደረጃዎች 5.40 ሜትር ያስፈልጋል። በር 80 ሴንቲ ሜትር ንጹህ ክፍተት ካለው አብዛኛው ተሽከርካሪ ወንበር ያልፋል። መጸዳጃው ውስጥ ከፍ ያለ መቀመጫ፣ ግድግዳ ላይ በደንብ የተቀበረ የብረት መያዣና ወደ ውጭ የሚከፈት በር ከተደረገ ዋናው ሥራ አልቋል። ሲሚንቶ፣ አሸዋ፣ ጥቂት የውኃ ቧንቧ ብረትና አንድ ግንበኛ የሚጠይቅ ሥራ ነው።

ነገሩ የቸርነት ጉዳይም ብቻ አይደለም። በ2001 ዓ.ም. የወጣው የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624/2001 በአንቀጽ 36 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃ ሁሉ በተሽከርካሪ ወንበር ለሚሄዱና ደረጃ መውጣት ለማይችሉ ሰዎች የሚመች መግቢያና መጸዳጃ እንዲኖረው ደንግጓል። ኢትዮጵያ በ2002 ዓ.ም. ያጸደቀችው የተባበሩት መንግሥታት የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነትም በአንቀጽ 30 የስፖርትና የመዝናኛ ቦታዎችን በስም ይጠቅሳል።

ባለሀብቱ “የኳስ ደጋፊ በዓመት ስንት ጊዜ ያልፋል?” ሊል ይችላል። በዚሁ መንገድ ታኅሣሥ 19 እና ሐምሌ 19 ለቁልቢ ገብርኤል የሚጓዘውን ሕዝብ ያስታውስ። ከተሳላሚው ውስጥ አረጋውያንና ሕሙማን ብዙ ናቸው። ለደጋፊው የተሠራው መወጣጫ ለተሳላሚውም፣ ሻንጣ ለሚጎትተውም ነጋዴ ያው ነው።

ጎሚስታውም ድርሻ አለው። የተሽከርካሪ ወንበር ጎማ ከብስክሌት ጎማ ጋር የተቀራረበ በመሆኑ ቀዳዳ መለጠፍ አያቅተውም። የከባድ መኪና ኮምፕሬሰር ግን እንዲህ ያለውን ቀጭን ጎማ በአንዴ ያፈነዳል፤ የእጅ ፓምፕ መኖሩ ይጠቅማል።

የስታዲየሙ በር

እዚህ ላይ ከሌላው ዓለም መማር ይቻላል። የእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግ ክለቦች ስታዲየሞቻቸውን ለአካል ጉዳተኞች በሚመች ደረጃ ለማስተካከል በ2015 እ.ኤ.አ. ቃል ገብተው እስከ ነሐሴ 2017 ቀነ ገደብ አስቀምጠው ነበር። ሀብታም ክለቦችም ቢሆኑ ግፊት አስፈልጓቸዋል። በብዙ የእንግሊዝ ስታዲየሞች የአጃቢው ትኬት በነጻ መሆኑም የተለመደ ነው፤ አጃቢው ከሌለ ዋናው ደንበኛም እንደማይመጣ ገብቷቸዋል።

በእኛ አገር ስታዲየም በቦታ ስም መለየት የቆየ ልማድ ነው፤ አዲስ አበባ ላይ ጥላ ፎቅ፣ ካታንጋ፣ ሚስማር ተራ ይባላል። ለተሽከርካሪ ወንበር ግን ከቦታው ስም ይልቅ ከበሩ እስከ መቀመጫው ያለው ደረጃ ይበልጣል። “ሜዳው ዳር ይቀመጥ” ማለትም ሁልጊዜ መፍትሔ አይሆንም፤ ከፊቱ የተቀያሪዎች ወንበርና ፎቶ አንሺ ከቆመ ሰውየው ግቡን የሚሰማው በጩኸት ነው።

ደላላው ምን ይጠይቅ?

ጉዞ የሚያቀናብር ደላላ ወይም የደጋፊ ማኅበር ቀብድ ከመክፈሉ በፊት እነዚህን በስልክ ይጨርስ፦

1. ጨዋታው በየትኛው ከተማ፣ በስንት ሰዓት ነው? ቢለወጥ ቀብዱ ምን ይሆናል?

2. ተጓዡ ጥቂት መራመድ ይችላል ወይስ ፈጽሞ አይችልም? የወንበሩ ስፋት ስንት ነው? ይታጠፋል?

3. መኪናው ስንት ደረጃ አለው? ወንበሩ የት ይቀመጣል?

4. ማረፊያው የት ነው? መጸዳጃው ደረጃ አለው? የበሩ ስፋትስ?

5. አልጋው ምድር ላይ ያለ ክፍል ነው? መታጠቢያው በሩ ያስገባል?

6. የስታዲየሙ ደረጃ የሌለው በር የትኛው ነው? በዕለቱ የሚከፍተው ማን ነው? አጃቢውስ አብሮ ይገባል?

7. መንገዱ ቢዘጋ ሁለተኛው እቅድ ምንድን ነው?

“ደረጃ የለውም” የሚል መልስ ሲሰጥ በስልክ ፎቶ እንዲላክ መጠየቅ ነውር የለውም። ሁለት ደረጃ ብዙ ሰው ዘንድ እንደ ደረጃ አይቆጠርም። የሰባተኛው ጥያቄ አስፈላጊነትም ታይቷል፤ በ2017 ዓ.ም. በአዋሽ ፈንታሌ አካባቢ በተደጋጋሚ የመሬት መንቀጥቀጥ ሲደርስ መንገዱ ላይ ስንጥቅ ታይቶ ነበር። ለሌላው ተጓዥ ሰዓታት የመጠበቅ ጉዳይ የሆነው ነገር መድኃኒትና መጸዳጃ ለሚያስፈልገው ሰው ሌላ ነው። ጨዋታው ሲያልቅም ከሕዝቡ ጋር መጋፋት አያስፈልግም፤ ግማሽ ሰዓት ቆይቶ መውጣትና በዚያው ከተማ አድሮ በማለዳ መነሣት ይሻላል።

በጠቅላላው ሲታይ ይህን ደንበኛ የሚያስቀረው የመንገዱ ርዝመት አይደለም። ከቤቱ ወጥቶ ስታዲየም እስኪገባ የሚያጋጥሙት ጥቂት ደረጃዎች፣ አንድ ጠባብ በርና ያልተደወለ ስልክ ናቸው። ቦርደዴ ላይ ምግብ ቤት ያለው ሰው የሚቀጥለው የሊጉ መርሐ ግብር ከመውጣቱ በፊት ሜትር ይዞ በረንዳውን ይለካ። የመጀመሪያውን መወጣጫ የሠራ ቤት ስሙ በሾፌሮችና በደጋፊ ማኅበራት ዘንድ ቶሎ ይዞራል፤ መኪናውም እዚያ ይቆማል።