ጥራቱን ሳይቀንስ የሚቀመጥ ሙዚቃ፡ ከሸክላ እስከ እጅ ስልክ

የማሕሙድ አሕመድ «ኧረ መላ መላ» እ.ኤ.አ. በ1975 በካይፋ ሪከርድስ በሸክላ ታተመ። በ1986 ደግሞ የቤልጂየሙ ክራምድ ዲስክስ ሥራውን በዚሁ ርእስ ለአውሮፓ አድማጭ አደረሰው። ዛሬ ግን አንዳንድ ሰው እንዲህ ያለውን የጥንት ሙዚቃ የሚያዳምጠው በብሉቱዝ ከስልክ ወደ ስልክ ሲተላለፍ በቆየ ትንሽ ፋይል ነው። ለመሆኑ በመንገዱ ላይ ምን ጎደለ?

በሲዲ ላይ ድምፅ በየሰከንዱ 44,100 ጊዜ ይለካል። በዚህ ስሌት አምስት ደቂቃ የሚወስድ ዘፈን 53 ሜጋ ባይት ገደማ ይይዛል። በአነስተኛ ጥራት ወደ ኤም ፒ ስሪ ሲለወጥ ከ5 ሜጋ ባይት በታች ይሆናል። ይህ የሚሆነው ጆሮ አይለያቸውም የተባሉ ረቂቅ ድምፆች ስለሚጣሉ ነው። የጸናጽል ርግብግብታና የሳክስፎን ትንፋሽ በቅድሚያ የሚጎዱትም ለዚህ ነው።

ፍላክ የተባለው የፋይል ዓይነት አሠራሩ የተለየ ነው። ጭድ በገመድ ጠብቆ ሲታሰር ቦታ ይቆጥባል፤ ሲፈታም አንዳች አይጎድልበትም። ፍላክም የሲዲውን መጠን ወደ ግማሽ ገደማ ዝቅ ያደርጋል፤ ሲከፈት ግን ድምፁ እንደነበረው ይመለሳል። ኤም ፒ ስሪ በአንጻሩ እንደተነፋ ዱቄት ነው፤ የተጣለው እንጉላይ ተመልሶ አይገኝም። ኤም ፒ ስሪን ወደ ፍላክ መለወጥም የፋይሉን መጠን ከማሳደግ በቀር የጠፋውን አይመልስም።

በከፍተኛ ጥራት የተዘጋጀ ኤም ፒ ስሪን በተራ ማዳመጫ ከፍላክ መለየት ለአብዛኛው ሰው አስቸጋሪ ነው። የፍላክ ዋነኛ ጥቅም ለቅርስ ጥበቃ ነው።

በስድስት ኪሎ፣ በቀድሞው ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት የሚገኘው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ሙዚየም የባህል ሙዚቃ መሣሪያዎችን ያሳያል። ክራርና መሰንቆ በመስታወት ውስጥ ለዓይን ይቀመጣሉ፤ ድምፃቸው ግን የሚቆየው በቅጂ ነው። በየገጠሩና በየከተማው የአያት ፉከራ፣ የሠርግ ዘፈን፣ የአዝማሪ ግጥም በካሴት ተቀርጾ በሣጥን ውስጥ ተቀምጧል። የካሴት ክር ደግሞ በፀሐይ፣ በእርጥበትና በአቧራ ይበላሻል።

ስለዚህ ካሴት ወደ ኮምፒውተር የሚያስገለብጥ ሰው በቅድሚያ በፍላክ እንዲቀመጥለት ይጠይቅ። ለስልክ የሚሆነው ትንሽ ቅጂ ከዚያ በኋላ ሊወጣ ይችላል። ከተገለበጠም በኋላ ካሴቱን መጣል አይገባም፤ ከትንሹ ቅጂ ሙሉውን ድምፅ ማግኘት አይቻልምና።