የመሬት ካሣና የዳኛ ሥልጣን

መንግሥት ለመንገድ፥ ለትምህርት ቤት ወይም ለውሃ ግድብ መሬት ባስፈለገው ጊዜ ባለ ይዞታውን ማስነሣቱ በመንግሥታት ሁሉ ዘንድ የታወቀ ሥልጣን ነው። የብዙዎች ጥቅም በአንድ ሰው እንቢታ እንዳይታገድ ይህ ሥልጣን የግድ ያስፈልጋል። ነገር ግን የሁሉ ጥቅም በአንዱ ትከሻ ላይ ብቻ እንዳይጫን፥ ተነሺው ተገቢ ካሣ ሊያገኝ ይገባዋል። ታዲያ ስለ ካሣው ልክ ክርክር የተነሣ እንደ ሆነ ነገሩን የሚቆርጠው ማን ነው? መሬቱን የወሰደው መሥሪያ ቤት ነውን? ወይስ ዳኛ?

በቅዱሳት መጻሕፍት እንደ ተነገረው፥ ንጉሥ ዳዊት መሠዊያ ሊሠራ የኦርናን አውድማ በፈለገ ጊዜ፥ ባለቤቱ በነጻ ልስጥህ ቢለው እንኳ እንቢ ብሎ አውድማውንና በሬዎቹን በ50 ሰቅል ብር ገዛ። አክዓብም የናቡቴን የወይን ቦታ በተመኘ ጊዜ መጀመሪያ ያቀረበው ዋጋ የሚናቅ አልነበረም፤ የተሻለ የወይን ቦታ ወይም ገንዘብ እሰጥሃለሁ ብሎ ነበር። ግፉ የተፈጸመው ኤልዛቤል በንጉሡ ማኅተም ደብዳቤ ጽፋ የከተማውን ሽማግሌዎች በእጇ ካስገባች በኋላ ነው። እንግዲህ ዋጋው መልካም ቢሆን እንኳ፥ ፈራጁ በወሳጁ እጅ ካለ ባለ ርስቱ መጠጊያ እንደሌለው ከዚህ ይታወቃል።

በአገራችን የ1923 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት፥ ለሕዝብ ጥቅም በሕግ ከተወሰነው በቀር ማንም የኢትዮጵያዊን ርስትና ገንዘብ እንዳይወስድ ከለከለ። የ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ደግሞ ባለ ጉዳዮቹ ባልተስማሙ ጊዜ ካሣው በዳኝነት ሥርዓት እንዲወሰን አዘዘ። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግም ግምቱን ለገማች ጉባኤ ሰጥቶ፥ በጉባኤው ውሳኔ ቅር የተሰኘ ወገን በ3 ወር ውስጥ ለፍርድ ቤት ይግባኝ እንዲል ፈቀደ። ይህ መብት ለተነሺው ብቻ ሳይሆን ለመሥሪያ ቤቱም የተሰጠ ነበር።

በ1967 ዓ.ም. መሬት የሕዝብ ሀብት ሆነ ተብሎ ከታወጀ ወዲህ የክርክሩ ነገር ተለወጠ። በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ስለ ሆነ፥ ካሣ የሚከፈለው ስለ መሬቱ ሽያጭ ዋጋ ሳይሆን በላዩ ስላለው ንብረት ነው፤ እርሱም አስቀድሞ እንዲከፈል ታዟል። ስለዚህ ክርክሩ በቤቱ፥ በቡናው ዛፍ፥ በአዝመራው ልክ ላይ ሆነ። አዋጅ ቁጥር 455/1997 ለቋሚ ተነሺ ገበሬ የ5 ዓመት አማካይ ገቢውን 10 እጥፍ ሲሰጥ፥ እርሱን የሻረው አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ከ3 ዓመት ከፍተኛውን ገቢ መርጦ ወደ 15 እጥፍ አሳደገው። እንግዲህ በመዝገብ ላይ የጐደለች አንዲት ኩንታል እህል በካሣው ላይ 15 ኩንታል ሆና ትጐድላለች። የገማቹ ጥቂት ስሕተት ለአንድ ቤተ ሰብ የዘመን ኑሮ መጥፊያ የሚሆነው በዚህ ምክንያት ነው።

በ1997ቱ አዋጅ ስለ ካሣ አቤቱታ የሚሰማው አስቀድሞ የአስተዳደር አካል ነበረ፤ ከዚያ በ30 ቀን ውስጥ ለፍርድ ቤት ይግባኝ ይባል ነበር። ይሁን እንጂ አቤቱታው መሬቱን ከማስረከብ አያግድም ነበር። የ2011ዱ አዋጅ ደግሞ አቤቱታ ሰሚና ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ አቁሞ ፍርድ ቤቱን ከእነዚህ በኋላ አስቀመጠው።

ይህ አካሄድ የኢትዮጵያ ብቻ አይደለም። በእንግሊዝ አገር እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1919 የወጣው ሕግ ግምቱን ለመንግሥት ገላጋዮች ሰጠ፤ በ1949ም ስለ መሬት የሚፈርድ ልዩ ችሎት እንዲቆም ታዘዘ። በሕንድ በ1894ቱ ሕግ ቅር የተሰኘ ሰው ነገሩ ወደ ፍርድ ቤት እንዲመራለት ሹሙን በጽሑፍ ይጠይቅ ነበር፤ የ2013ቱ ሕግ ግን መደበኛውን የፍትሐ ብሔር ፍርድ ቤት ከልክሎ ልዩ ባለ ሥልጣን አቆመ፥ ይግባኙንም ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ተወለት። ሁሉም ለፍጥነትና ለሙያ ሲሉ የመጀመሪያውን ደረጃ ቢለውጡም፥ የዳኛን በር ጨርሰው አልዘጉም።

ጉባኤዎቹ ስለ ግምት ዕውቀት ስላላቸው መኖራቸው መልካም ነው። ነገር ግን የፈረሰ ቤት ለዳኛ አይታይም፤ የተቈረጠ ዛፍም አይቈጠርም። ስለዚህ ሹማምንት ንብረቱ ከመነሣቱ አስቀድሞ ባለቤቱ ባለበት ለክተው፥ ቈጥረውና ፎቶግራፍ አንሥተው መዝገቡን ሊሰጡት፥ የግምቱንም ምክንያት በጽሑፍ ሊገልጹለት ይገባል። ዳኞችም በሙያተኛ አስመርምረው ሳይዘገዩ ሊፈርዱ ይገባቸዋል። የሕዝብ አማካሪ የሆኑት ካህናትም፥ ለአቤቱታ የተወሰነው ቀን ካለፈ መብቱ እንደሚቀር ላላወቀው ምእመን ቢያስረዱት ታላቅ ረድኤት ነው።

«በሕግ አምላክ» ሲባል በመንገድ ላይ የሚቆም ሕዝብ፥ ፍርድ ቤት ደርሶ ከተረታ ውሳኔውን ይቀበላል። ሳይሰማ የተነሣ ሰው ግን ካሣው ሙሉ ቢሆን እንኳ እንደ ተቀማ ይቈጥረዋል፤ በመሬቱ ላይ የተሠራውም መንገድ ለእርሱ ዘወትር የግፍ ምልክት ሆኖ ይታየዋል።