የ«እንድሪስ» ስም ትርጕምና አመጣጥ

ሕፃን በተወለደበት ቤት ከእናቲቱ ጤንነት ቀጥሎ የሚጠየቀው ነገር «ስሙን ማን አላችሁት?» የሚል ነው። በዚህ በቤተ ሰብ ገጻችን ስለ ስም ለመጻፍ ባሰብን ጊዜ፣ በወሎ ምድር ከደጋ እስከ ቈላ የሚጠራውን፣ ነገር ግን ትርጕሙን የሚመረምረው ሰው ጥቂት የሆነውን «እንድሪስ» የሚባለውን ስም መረጥን። የመረጥንበትም ምክንያት ስሙ የተወደደ ስለ ሆነ ብቻ አይደለም። አንዳንድ ወላጆች ልጃቸውን ለትምህርት ቤት ወይም ለልደት መዝገብ በሚያስጽፉበት ጊዜ፣ አያትየው ከእነርሱ ሃይማኖት ውጭ በሆነ ስም የሚጠሩ እንደ ሆነ ያንን ስም ለመጻፍ ያመነታሉ፤ ሌላ ስም ሊተኩበትም ያስባሉ። ስለዚህ ነገሩ ከቃላት ምርመራ አልፎ የቤተ ሰብ ጕዳይ ሆኖ አገኘነው።

አስቀድመን ስለ አገሩ ጥቂት እንናገር። መካነ ሰላም በደቡብ ወሎ ምዕራባዊ ደጋ ላይ የምትገኝ የቦረና ወረዳ ከተማ ናት። ከዚያ በስተ ምዕራብ ምድሩ ወደ ዓባይ በረሓ ይወርዳል፤ ከወንዙ ማዶ ጎጃም ነው። በስተ ሰሜን ሳይንት አለ። የስሞቹን ነገር ልብ ብሎ ለተመለከተ ሰው አገሩ ራሱ እንደ መጽሐፍ ይነበባል። «መካነ ሰላም» የግእዝ ቃል ሲሆን የሰላም ስፍራ ማለት ነው፤ «ቦረና» ግን የኦሮሞ ነገድ ስም ነው። ወረ ሂመኖና ወረ ኢሉ በሚባሉት አገሮች ስም መነሻ ላይ ያለው «ወረ» በኦሮምኛ ቤተ ሰብ ማለት ነውና፣ አገሩ የተጠራው በአንድ አባት ቤት ስም ነው ማለት ነው። እንግዲህ የከተማው ስም ግእዝ፣ የወረዳው ስም ኦሮምኛ በሆነበት ስፍራ፣ የሰዎቹ ስም ከዐረብኛ የመጣ ቢሆን የሚያስደንቅ አይሆንም። አሕመድ በወሎ አፍ አመዴ ተብሏል፤ ኢማም ይማም ሆኗል። እነዚህ ስሞች ባሕር ተሻግረው ቢመጡም በብዙ ዘመን ኑሮ መልካቸውን ለውጠው የአገር ልጅ ሆነዋል።

እንድሪስም እንዲሁ ነው። ዐረቦች «ኢድሪስ» የሚሉትን የወሎ ሰው አንድ «ን» ጨምሮ ለምላሱ አመቻቸው። ኢድሪስ በቁርዓን በሁለት ስፍራ የተነሣ ነቢይ ነው። ከሁለቱ አንደኛው «መርየም» ተብሎ በእመቤታችን በማርያም ስም በሚጠራው ምዕራፍ ውስጥ መሆኑን ብዙ ክርስቲያን አያውቅም። በዚያ ምዕራፍ ኢድሪስ እውነተኛና ነቢይ መሆኑ፣ እግዚአብሔርም ወደ ከፍተኛ ስፍራ ያነሣው መሆኑ ተነግሯል። አብዛኞቹ የእስልምና ሊቃውንት ይህ ወደ ላይ የተነሣው ነቢይ በኦሪት ዘፍጥረት የተጻፈው ሄኖክ ነው ይላሉ። ሄኖክ ከአዳም ሰባተኛ ትውልድ፣ የማቱሳላ አባት፣ 365 ዓመት በምድር ኖሮ ሞት ሳያገኘው እግዚአብሔር የወሰደው ጻድቅ ነው። በእኛም አገር ሊቃውንት ትምህርት ከኤልያስ ጋራ በብሔረ ሕያዋን ይኖራል።

አሁን ወደ ትርጕሙ እንመለስ። ከዐረብ የቋንቋ ሊቃውንት አንዳንዶቹ «ኢድሪስ» የሚለውን ስም «ደርስ» ከሚለው፣ ትምህርት ማለት ከሆነው ቃል ያወጡታል፤ ብዙ የተማረ፣ መጻሕፍትን የመረመረ ማለት ነው ይላሉ። ይህ ግንድ ለአማርኛ አንባቢ እንግዳ አይደለም። በወሎ የቁርዓን ተማሪ ደረሳ ይባላል፤ የሚማርበትም ቤት መድረሳ ነው። በግእዝም ደራሲ፣ ድርሰት፣ ድርሳን የምንላቸው ቃላት የዚሁ ግንድ ዘመዶች ናቸው። እንግዲህ በመስጊድ ደጃፍ ሰሌዳውን ይዞ የተቀመጠው ደረሳና በቤተ ክርስቲያን የሚነበበው ድርሳነ ሚካኤል ከአንድ ሥር የበቀሉ ስሞችን ይዘዋል ማለት ነው።

ነገር ግን ሁሉም ሊቅ በዚህ ትርጕም አልተስማማም። ሌሎቹ የዐረብ ሊቃውንት የስሙን አነጋገር መርምረው፣ እንደ ባዕድ ስም የሚነበብ ስለ ሆነ ከዐረብኛ ግንድ ሊወጣ አይችልም ብለው ተከራክረዋል። ኖልደከ የሚባለው የጀርመን ሊቅ ደግሞ ስሙ «እንድርያስ» ከሚለው የጽርእ ስም የመጣ ሊሆን ይችላል ብሎ ነበር፤ ሌሎችም ከዕዝራ ስም ጋራ ያያዙት አሉ። ክርክሩ እስካሁን አልተቈረጠም። የእኛ አስተያየት የተጠየቀ እንደ ሆነ፣ ስም በሕዝብ ዘንድ የሚኖረው ሕዝቡ በሚረዳው ትርጕም ነውና፣ «የተማረ» የሚለው ፍቺ ለወላጆች ይበቃል እንላለን። ነገር ግን እንድሪስንና እንድርያስን አንድ አድርጎ የሚጽፍ ጸሐፊ ይጠንቀቅ። እንድርያስ የጴጥሮስ ወንድም የሐዋርያው ስም ሲሆን በጽርእ ከወንድነት ጋራ የተያያዘ ትርጕም አለው፤ በኖልደከ ግምት ብቻ ተነሥቶ የሰውን አባት ስም መለወጥ አይገባም።

የሄኖክ ስም ፍቺ ከዚህ ጋራ ሲተያይ ደስ ያሰኛል። በዕብራይስጥ የስሙ ግንድ ማስተማርን፣ ማስለመድንና አዲስ ነገርን ቀድሶ መጀመርን ያመለክታል። በዮሐንስ ወንጌል በ10ኛው ምዕራፍ የመቅደስ መታደስ ተብሎ የተጻፈው በዓል በዕብራይስጥ ሐኑካ የሚባለው ከዚሁ ግንድ ነው። እንግዲህ በአንደኛው ቋንቋ የተማረ፣ በሁለተኛው ለትምህርትና ለአገልግሎት የተለየ ማለት ነው። ከዚህም የበለጠ ነገር አለ። በመጽሐፈ ኩፋሌ ከሰው ልጆች መጀመሪያ ጽሕፈትንና ጥበብን የተማረ ሄኖክ ነው ተብሎ ተጽፏል። በእስልምናም ትውፊት መጀመሪያ በብርዕ የጻፈ ኢድሪስ ነው ይባላል፤ ልብስ መስፋትንም የጀመረ እርሱ ነው ይሉታል። ሁለቱ ወገኖች በብዙ ነገር ቢለያዩም፣ ብርዕን መጀመሪያ ለጨበጠው ሰው የሰጡት ክብር አንድ ነው።

የሄኖክም መጽሐፍ ቢሆን ሙሉ ሆኖ ለዓለም የተጠበቀው በግእዝ ብቻ ነው። ፈረንጆች ይህ መጽሐፍ ጠፍቶ የቀረ ይመስላቸው ነበር። ጄምስ ብሩስ የተባለው የስኮትላንድ ተጓዥ ከኢትዮጵያ የብራና ቅጂዎችን ይዞ እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር በ1773 አውሮጳ ገባ። በ1821 ሎረንስ የሚባል የኦክስፎርድ መምህር ወደ እንግሊዝኛ መለሰው፤ በ1851 ዲልማን የተባለው ጀርመናዊ ሊቅ የግእዙን ንባብ አሳተመ። ከዚያ በኋላ በሙት ባሕር አጠገብ በቁምራን ዋሻዎች የተገኙት የአራማይስጥ ቍራጮች የኢትዮጵያው መጽሐፍ ጥንታዊ መሆኑን አጸኑ፤ ሚሊክ የሚባለውም ሊቅ በ1976 አሳተማቸው። ስለዚህ ልጁን እንድሪስ ያለ የቦረና አባት የጠራው በሩቅ አገር ሰው ስም አይደለም፤ መጽሐፉን የአባቶቹ አገር ጠብቃ ባቈየችለት ነቢይ ስም ነው።

ወደ ቤተ ሰቡ ነገር ስንመለስ የወሎን ታሪክ ሳናነሣ ማለፍ አይቻልም። በ1870 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ በደሴ አጠገብ በቦሩ ሜዳ ጉባኤ አድርገው፣ የወሎ ሙስሊም ሹማምንት ክርስትና እንዲነሡ ሕዝቡም እንዲከተል አዘዙ። ትእዛዙ ብዙ ሰው ከአገሩ አሰድዷል፤ አመፅም አስነሥቷል። ቀን ክርስቲያን ሌሊት እስላም ሆኖ የኖረም ብዙ ነው ይባላል። በዚያ ጊዜ የወረ ሂመኖው ኢማም መሐመድ ዓሊ ሚካኤል ተባሉ፤ የክርስትና አባታቸው ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው ነበሩ። ተፎካካሪያቸው ኢማም አመዴ ሊበን ደግሞ ኃይለ ማርያም ሲባሉ የክርስትና አባታቸው የሸዋው ንጉሥ ምኒልክ ነበሩ።

እዚህ ላይ አንባቢው አንድ ነገር እንዲያስተውል እንለምናለን። መሐመድ የሚለው ስም በሚካኤል ተለወጠ፤ ዓሊ የሚለው የአባታቸው ስም ግን አልተለወጠም። ራስ ተብለው በኋላም በ1906 ዓ.ም. የወሎና የትግሬ ንጉሥ ሆነው ሲነግሡ፣ ሚካኤል ዓሊ እየተባሉ ነው። የልጃቸውም የልጅ ኢያሱ ስም ከነአባትና ከነአያት ሲቈጠር «ኢያሱ፣ ሚካኤል፣ ዓሊ» ይሆናል። ሰውን ክርስትና ማንሣት ይቻላል፤ የሞተ አባቱን ግን ዳግመኛ መሰየም አይቻልም። በአገራችን ሥርዓት የልጅ ስም ከአባት፣ የአባት ስም ከአያት ጋራ ተያይዞ ስለሚሄድ፣ በቦረናና በሳይንት የብዙ ሰው ስም በሦስት ትውልድ ውስጥ መስጊድንም ቤተ ክርስቲያንንም ይዞ ይገኛል። ይህንን እንደ ነውር የሚቈጥር ሰው ቢኖር አያቱን ያልጠየቀ ነው።

ይህ የአባትን ስም የማስከተል ሥርዓት በእኛ ዘንድ ብቻ ያለ አይደለም። በሰሜን አውሮጳ በስካንዲናቪያ አገሮችም የጥንቱ ልማድ ይኸው ነበር። እንድርያስ የሚለው ስም በእነርሱ አፍ «አንደርስ» ሆነ፤ የአንደርስ ልጅም በቋንቋቸው አንደርሰን ተባለ። በኋላ ግን ዴንማርክ በ1828፣ ስዊድን በ1901፣ ኖርዌይ በ1923 እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር ባወጡት ሕግ፣ ቤተ ሰብ ሁሉ የማይለወጥ አንድ ስም እንዲይዝ አደረጉ። በዚህም ምክንያት ዛሬ በስዊድን አንደርሰን የምትባል ሴት አባትዋ አንደርስ አይደለም፤ እርስዋም የማንም ወንድ ልጅ አይደለችም፤ ስሙ ግን «የአንደርስ ወንድ ልጅ» ይላታል። ለልጆች ተረት በመጻፍ የታወቀው ዴንማርካዊ ሐንስ ክርስቲያን አንደርሰን እንኳ የአባቱ ስም ሐንስ ነበር፤ አንደርስ አያቱ ናቸው። አይስላንድ የምትባለው ደሴት ብቻ በ1925 ባወጣችው ሕግ አዲስ የቤተ ሰብ ስም ማውጣትን ከልክላ፣ እስከ ዛሬ እንደ እኛ ልጅን በአባቱ ስም ታስጠራለች። በእኛም አገር በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ እያንዳንዱ ሰው የቤተ ዘመድ ስም እንዲኖረው ደንግጎ ነበር፤ ሕዝቡ ግን በልማዱ ጸና። ስለ ልማዱ መጽናት እኛ አናዝንም።

አሁን ወደ ልደት መዝገቡ እንምጣ። ጸሐፊው የልጁን ስም፣ የአባቱን ስም፣ የአያቱን ስም ይጠይቃል። ወላጆች ለልጁ የወደዱትን ስም መስጠት መብታቸው ነው፤ የአያቱ ስም ግን የአያቱ ነው። በዚያ ላይ አያትየው «እንድሪስ» ሲባሉ ኖረው በአንደኛው መዝገብ እንድሪስ፣ በሌላው ኢድሪስ፣ በሦስተኛው እንድርያስ ተብለው የተጻፉ እንደ ሆነ፣ ልጁ ርስት በሚወርስበት ወይም ወደ ውጭ አገር በሚሄድበት ጊዜ ሦስት አያት እንዳለው ሰው ሊቈጠር ይችላል። በፈረንጅ ፊደልም ሲጻፍ «ን» ያለበትና የሌለበት አጻጻፍ ስላለ፣ ከመጀመሪያው አንዱን መርጦ በእርሱ መጽናት ይሻላል። አዛውንቱ በሕይወት ካሉ ስማቸውን እንዴት እንደሚጠሩት ራሳቸውን መጠየቅ ከሁሉ ይቀድማል።

የሚቀረው የስም አወጣጡ ነው። በእስልምና ሥርዓት ሕፃኑ በተወለደ በሰባተኛው ቀን አቂቃ ታርዶ ስም ይወጣለታል፤ በቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ወንድ በ40 ሴት በ80 ቀን ሲጠመቁ የክርስትና ስም ይሰጣቸዋል። እንበልና፣ በቦረና ከአንድ ቤት የወጡ ሁለት ወንድማማች ልጆች አሉ፤ አንዱ በአባቱ ሃይማኖት ኖረ፣ ሁለተኛው ክርስቲያን ሆነ። ሁለቱም ወንድ ልጅ ወልደው የአያታቸውን የእንድሪስን ስም ለማቆም ይመኛሉ። የመጀመሪያው ያለ ችግር እንድሪስ ብሎ ይሰይማል። ሁለተኛው ቄሱ ምን ይሉኛል ብሎ ቢጨነቅ፣ ሄኖክ ይበለው። በዓመት በዓል ሁሉም በአያት ቤት ሲሰበሰቡ፣ አሮጊቲቱ አያት ሁለቱን ሕፃናት በግራና በቀኝ ጕልበታቸው አስቀምጠው እንድሪስና ሄኖክ እያሉ ሲጠሯቸው፣ የባላቸውን ስም ሁለት ጊዜ ጠሩ ማለት ነው።