አጥንት የማይቆጥር ዳኝነት

በአማራው ባላገር ልማድ «በሕግ አምላክ!» የተባለ ሰው ካለበት ይቆማል፤ ከባላጋራው ጋርም ወደ ዳኛ ይሄዳል። ጋይንት፣ ስማዳና እስቴ ርስት በዘር ቆጠራ ሲያዝባቸው የኖሩ፣ ሙግት ከእርሻ እኩል የሚታወቅባቸው አገሮች ናቸው። ባሪያ ተብሎ የተያዘ ሰው ግን ጌታውን በሕግ አምላክ ቢለው፣ የሚቀርብበት ዳኛ ያው ባለርስት፣ ምናልባትም የጌታው ዘመድ ነው። ስለዚህ ነጻነትን በዳኝነት መሻት ሁለት ነገር ይጠይቅ ነበር እላለሁ፤ ከጌታ ወገን ያልሆነ ዳኛና ከፍርዱ በኋላ የሚቆሙበት መሬት።

ሕጉ የመጀመሪያውን ለማሟላት ሞክሯል። ኢትዮጵያ በመስከረም 1916 ዓ.ም. የመንግሥታት ማኅበር አባል ሆነች፤ በዚያው ዓመት መጋቢት 22 ቀን ስለ ባሮች ነጻ መውጣት ሕግ ወጣ። ባርነትን ባንዴ አልሻረም፤ ጌታው ከሞተ በኋላ ባሪያው ነጻ የሚወጣበትን ጊዜ ወሰነ፣ ጉዳዩን የሚያዩ ዳኞች ሾመ፣ ነጻ የወጣውም ወረቀት እንዲይዝ አደረገ። የ1923ቱ ሕግ ጊዜውን ወደ አንድ ዓመት አሳጠረ፤ ባርነት ፈጽሞ የተሻረው በነሐሴ 1934 ነው። «ለማኅበሩ ይታይ ተብሎ የወጣ ሕግ ነው» የሚሉ አሉ። የአውጪው ሐሳብ ምንም ይሁን፣ ትናንት እንደ ንብረት ይቆጠር የነበረን ሰው ከሳሽ አድርጎ ማቆም ትንሽ ነገር አይደለም። የዳኛውን ክብደት ኒጀር በቅርብ አሳይታናለች፤ ሐዲጃቱ ማኒ ከጌታዋ ወጥታ ሌላ ባል ብታገባ፣ የአገሯ ፍርድ ቤት «የጌታሽ ሚስት ነሽ» ብሎ አሰራት። በ2001 ዓ.ም. የምዕራብ አፍሪካ አገሮች የኢኮኖሚ ማኅበረሰብ ፍርድ ቤት ግን መንግሥቷ አልጠበቃትም ብሎ 10 ሚሊዮን ሴፋ ፍራንክ ካሳ ፈረደላት። ሴትዮዋ ያቺው፣ ነገሩም ያው፤ የተለወጠው ዳኛው ነው።

ሁለተኛውን፣ መሬቱን ግን የነጻነቱ ወረቀት አልሰጠም። በእነጋይንት አገር መሬት የሚገኘው እስከ አቅኚ አባት ድረስ ትውልድ ቆጥሮ ነበር፤ ከወገኑ ተነጥቆ የመጣ ሰው ማንን ይቁጠር? ወረቀቱን በእጁ ይዞ የቀድሞ ጌታውን ደጅ ከመጥናት በቀር የሚሄድበት አልነበረውም። «የደጋው ባሪያ እኮ እንደ ቤት ልጅ ነበር» ይባላል። አብሮ መብላት፣ ክርስትና መነሳት ነበረ፤ እውነት ነው። ነገር ግን የቤት ልጅ ይወርሳል፣ ባሪያ ይወረሳል። ቋንቋችንም ይመሰክራል፤ ዛሬ ለመልካም ጠባይ የምንለው «ጨዋ» የባሪያ ተቃራኒ ነበር።

የየካቲት 25 ቀን 1967ቱ የገጠር መሬት አዋጅ መሬትን ከዘር ቆጠራ ሲለይ፣ ከ1916ቱ ሕግ የጎደለው በሕግ በኩል ተሟላ። ጋብቻ ሲታሰብ «አጥንቱ ይቆጠር» በሚባልበት ቤት ግን የዚያ ከሳሽ የልጅ ልጅ ዛሬም ሙግት ላይ ነው። ያን መዝገብ የሚዘጋው ፍርድ ቤት አይደለም፤ ለሽምግልና የተቀመጠው ሽማግሌ ነው።