እሳቱ ጠፋ፤ ዕዳው ግን ቀረ

አንድ ሰፈር ከተቃጠለ ከብዙ ዓመታት በኋላ የልጅ ልጆቹ ስለ ምን ይቸገራሉ? ይህ ጥያቄ በእርዳታ ሥራ የተሰማራነውን ሁሉ ይመለከተናል። ለመልሱ በአሜሪካ የምትገኘውን የተልሳ ከተማን እንመልከት።

ነጮችና ጥቁሮች በሕግ ተለያይተው በሚኖሩበት ዘመን፥ የተልሳ ጥቁሮች ግሪንዉድ በተባለው ሰፈር ሱቆችን፥ ሆቴሎችንና አብያተ ክርስቲያናትን አቋቁመው ነበር። በኤውሮፓ አቆጣጠር ሜይ 31 ቀን 1921 አንድ ጥቁር ወጣት አንዲት ነጭ ሴት ላይ ጥቃት አደረሰ ተብሎ በመታሰሩ ሁከት ተነሣ። በማግሥቱ የታጠቁ ነጮች ሰፈሩን ዘርፈው አቃጠሉት። ከ1,000 የሚበልጡ ቤቶች ወደሙ፤ የሟቾቹም ቁጥር እስከ 300 እንደሚደርስ ይገመታል። ስለ ግድያውና ስለ ቃጠሎው የተቀጣ ነጭ የለም።

ጉዳቱ ግን በዚያ ቀን አላበቃም። የኢንሹራንስ ኩባንያዎች «በሁከት ለጠፋ ንብረት አንከፍልም» አሉ። የከተማው አስተዳደርም ተጎጂዎቹ በቀላሉ እንዳይሠሩ የሚከለክል የግንባታ ደንብ አወጣ። ጥቁር ጠበቆች ተሟግተው ደንቡን ቢያሽሩትም፥ ብዙ ቤተ ሰቦች ክረምቱን በድንኳን አሳለፉ።

የማውንት ዛየን ባፕቲስት ቤተ ክርስቲያንን ነገር እናስብ። ሕንፃው ተመርቆ ሁለት ወር ሳይሞላው ተቃጠለ፤ ለግንባታው የተበደሩት ገንዘብ ግን አልተሠረዘም። ምእመናኑ አመድ ለሆነው ሕንፃ ሲከፍሉ ኖረው ዕዳውን በ1942 ጨረሱ። አዲሱ ሕንፃ የተመረቀው በ1952 ነው። ለልጆች ትምህርት፥ ለንግድ ወይም ለርስት ሊውል ይችል የነበረው ገንዘብ ስንት ዓመት ለአመድ እንደ ተከፈለ አስተውሉ!

በዚህ ላይ ዝምታ ተጨመረ። ታሪኩ ለብዙ ዘመን በትምህርት ቤት አልተነገረም፤ አንዳንድ ወላጆችም ከፍርሃት የተነሣ ለልጆቻቸው ደበቁት። ግሪንዉድ በነዋሪዎቹ ጥረት ዳግመኛ ቢገነባም፥ በኋላ አውራ ጎዳና መካከሉን ሰንጥቆት አለፈ። በ2001 አጣሪ ኮሚሽን ካሣ እንዲከፈል አሳሰበ፤ በ2024 ግን የኦክላሆማ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ከእልቂቱ የተረፉት አረጋውያን ያቀረቡትን ክስ ውድቅ አደረገ።

የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። ስለዚህ ወደ አንድ የተጎዳ ሕዝብ ስንሄድ «ምን ጎደላችሁ?» ብለን ብቻ አንጠይቅ። «ምን ተወሰደባችሁ? መልሳችሁ ስትሠሩስ ማን ከለከላችሁ?» ብለን ሽማግሌዎቹን እንስማ። ይህን ሳናውቅ የምንሰጠው እርዳታ ለዛሬ ራት ይበቃ ይሆናል፤ ዕዳውን ግን አያነሣም።