በእንፋሎት የበሰለ አትክልት ከማጥቀሻ ጋር፦ ለሕፃናት አመጋገብ ምክር የሚረዳ ገለጻ

መግቢያ

በጤና ጣቢያም ሆነ በጤና ኬላ ለእናቶች ከሚሰጡ የሥነ ምግብ ምክሮች መካከል «ልጅዎን አትክልት ይመግቡ» የሚለው አዘውትሮ የሚደመጥ ነው። ምክሩ ትክክል ነው። ይሁን እንጂ አትክልቱ እንዴት ተዘጋጅቶ፣ ከምን ጋርና በምን መልክ እንደሚቀርብ ሳይነገር ስለሚቀር በብዙ ቤቶች ከቃል አያልፍም። እናት ካሮት ቀቅላ ታቀርባለች፤ ልጁ አንዴ ቀምሶ ይተፋዋል፤ በማግስቱ የተለመደው ምግብ ይቀጥላል። በሚቀጥለው ቀጠሮ እናት «አትክልት አይወድም» ትላለች፤ ባለሙያውም ያንኑ ምክር ይደግማል።

ጉዳዩ እንደ ቀላል የሚታለፍ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2016 የተካሄደው የኢትዮጵያ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት እንዳመለከተው፣ ዕድሜያቸው ከ6 እስከ 23 ወር ከሆኑ ሕፃናት መካከል በቂ የምግብ ስብጥር ያገኙት 14 በመቶ ብቻ ነበሩ። በስብጥርም በምግብ ድግግሞሽም ዝቅተኛውን ተቀባይነት ያለው የአመጋገብ መስፈርት ያሟሉት ደግሞ 7 በመቶ ነበሩ። በዚያው ጥናት ዕድሜያቸው ከ5 ዓመት በታች ከሆኑ ሕፃናት 38 በመቶው ቀንጭረው ተገኝተዋል። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2023 ባወጣው መመሪያ ከ6 እስከ 23 ወር የሆኑ ሕፃናት አትክልትና ፍራፍሬን በየቀኑ፣ ጥራጥሬንና የቅባት እህሎችን ደግሞ አዘውትረው እንዲመገቡ ይመክራል። በእንፋሎት የበሰለ አትክልት ከጥራጥሬና ከቅባት እህል በተሠራ ማጥቀሻ ሲቀርብ እነዚህን ሁለት ምክሮች በአንድ ሳህን ላይ ያገናኛል።

በእንፋሎት ማብሰል ለምን ይመረጣል?

ቫይታሚን ሲ እና ፎሌት በውኃ የሚሟሙና በሙቀት የሚጎዱ ናቸው። አትክልት በብዙ ውኃ ተቀቅሎ ውኃው ሲደፋ የእነዚህ ንጥረ ነገሮች ከፊል አብሮ ይደፋል። በእንፋሎት ሲበስል ግን አትክልቱ ከውኃው ጋር ስለማይነካካ የሚባክነው መጠን ይቀንሳል። ቀለሙና ተፈጥሯዊ ጣፋጭነቱም ይጠበቃሉ፤ ለሕፃን ዓይንና ምላስ ይህ ትልቅ ቁም ነገር ነው።

በካሮት፣ በዱባና ውስጡ ብርቱካናማ በሆነ ስኳር ድንች ውስጥ የሚገኘው ቤታ ካሮቲን በአንጻሩ ሙቀትን በተሻለ ሁኔታ ይቋቋማል። እንዲያውም መጠነኛ ማብሰል የአትክልቱን የሕዋስ ግድግዳ ስለሚያላላ ንጥረ ነገሩ በአንጀት በቀላሉ እንዲመጠጥ ይረዳል። ስለሆነም «ጥሬው ሁልጊዜ ከበሰለው ይበልጣል» የሚለው አመለካከት ለሕፃናት አይሠራም።

ሌላው ጥቅም ከንጽሕና ጋር የተያያዘ ነው። በአንዳንድ ከተሞች አትክልት በተበከለ የወንዝ ውኃ ይለማል፤ በአዲስ አበባ በአቃቂ ወንዝ ዳርቻ የሚለማው ለዚህ ምሳሌ ነው። እንዲህ ያለው አትክልት ጥሬውን ሲበላ የአስካሪስን እንቁላልና ልዩ ልዩ የተቅማጥ ተሕዋስያንን ሊያስተላልፍ ይችላል። በሚገባ ታጥቦና ተልጦ በእንፋሎት እስኪለሰልስ ሲበስል ግን ይህ አደጋ እጅግ ይቀንሳል።

ማጥቀሻው ለምን አስፈለገ?

ማጥቀሻ ለጌጥ ወይም ልጅን ለማባበል ብቻ የሚቀርብ አይደለም፤ የምግቡ ግማሽ አካል ነው። ለዚህም ሦስት ምክንያቶች አሉ።

አንደኛው ኃይል ነው። 100 ግራም የበሰለ ካሮት የሚሰጠው ከ35 እስከ 40 ኪሎ ካሎሪ ያህል ብቻ ነው። የሕፃን ጨጓራ ትንሽ በመሆኑ በአትክልት ብቻ ከሞላ የሚያስፈልገውን ኃይል ሳያገኝ ይጠግባል። 100 ግራም የተቀቀለ ሽምብራ ግን 165 ኪሎ ካሎሪ ገደማና 9 ግራም ያህል ፕሮቲን ይይዛል፤ ሰሊጥና ዘይት ሲጨመሩበት ኃይሉ ከዚህም ከፍ ይላል።

ሁለተኛው ስብ ነው። ቤታ ካሮቲን የሚመጠጠው ከስብ ጋር ሲበላ ነው። የሚያስፈልገው ስብ ብዙ አይደለም፤ በአንድ ማዕድ ከ3 እስከ 5 ግራም፣ ማለትም አንድ የሻይ ማንኪያ ዘይት ያህል ይበቃል። 50 ግራም ካሮት ወደ 400 ማይክሮ ግራም የሚጠጋ ቫይታሚን ኤ ሊያስገኝ ይችላል፤ ይህም ከ1 እስከ 3 ዓመት ላለ ሕፃን የዕለት ፍላጎቱን የሚሸፍን ነው። ካሮቱ ያለ ስብ ከቀረበ ግን ሰውነት የሚጠቀምበት መጠን ያንሳል። ከዚህ በተጨማሪ ማጥቀሻው ላይ የሚጨመቀው ሎሚ በቫይታሚን ሲ የበለጸገ በመሆኑ በሽምብራው ውስጥ ያለው ብረት በተሻለ ሁኔታ እንዲመጠጥ ያግዛል።

ሦስተኛው የልጁ ፈቃደኝነት ነው። ከ2 እስከ 6 ዓመት ባለው ዕድሜ አዲስ ምግብን መሸሽ የተለመደ የእድገት ባሕርይ ነው። አንዳንድ ሕፃናት ደግሞ በተፈጥሯቸው መራራ ጣዕምን አጥብቀው ይለያሉ። ጄኒፈር ፊሸርና ባልደረቦቿ በአሜሪካ አካሂደው እ.ኤ.አ. በ2012 ባሳተሙት ጥናት፣ ለመራራ ጣዕም ስሜታዊ የሆኑ የቅድመ ትምህርት ቤት ሕፃናት ብሮኮሊ ከማጥቀሻ ጋር ሲቀርብላቸው አብልጠው በልተዋል። በሀገራችን እንጀራን ከወጥ እያጠቀሱ መብላት ከልጅነት ጀምሮ የሚታወቅ ልማድ በመሆኑ ሕፃኑ አዲስ ሥርዓት መማር አያስፈልገውም፤ የሚለወጠው የሚጠቀሰው ነገር ብቻ ነው።

የአትክልቱ አዘገጃጀት

ልዩ የእንፋሎት ድስት አያስፈልግም። በድስት ውስጥ ወደ 3 ሳንቲ ሜትር ከፍታ ያለው ውኃ ይጨመርና ውኃውን የማይነካ የብረት ወንፊት ከላይ ይቀመጣል። ወንፊት ከሌለ ጥልቀት ያለው የብረት ሳህን ድስቱ ውስጥ ተገልብጦ ሌላ ሳህን ይደረብበታል። ድስቱ በሚገባ ይከደናል። ማገዶ ለመቆጠብ ሽምብራው ወይም ድንቹ በሚቀቀልበት ድስት አፍ ላይ ወንፊቱን ማስቀመጥ ይቻላል፤ አንዱ እሳት ሁለቱንም ያበስላል።

ካሮት፣ ድንች፣ ብርቱካናማ ስኳር ድንች፣ ዱባ፣ ፎሶሊያና አበባ ጎመን ለዚህ አዘገጃጀት የተመቹ ናቸው። ከታጠቡና መላጥ ያለባቸው ከተላጡ በኋላ የአዋቂ ሰው ትንሽ ጣት ባክለው በቁመታቸው ይቆረጣሉ። ክብ ክብ አድርጎ መቁረጥ አይመከርም፤ ክብ ቁራጭ የሕፃንን የአየር ቧንቧ በቀላሉ ይዘጋልና።

የማብሰያ ጊዜን በተመለከተ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ነገር አለ። ውኃ በባሕር ጠለል ላይ በ100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይፈላል። ከፍታ በየ300 ሜትሩ ሲጨምር ግን የመፍያው ሙቀት በ1 ዲግሪ ያህል ይቀንሳል። ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 2,400 ሜትር ከፍታ ላይ ባለችው አዲስ አበባ ውኃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው። ስለዚህ በውጭ ሀገር የምግብ መጻሕፍት የተጻፈው ደቂቃ ለደጋው ነዋሪ አይበቃም። በደጋ አካባቢ ለአበባ ጎመን ከ8 እስከ 10፣ ለፎሶሊያ ከ10 እስከ 12፣ ለካሮትና ለዱባ ከ12 እስከ 15፣ ለድንችና ለስኳር ድንች ከ18 እስከ 20 ደቂቃ እንደ መነሻ ሊወሰድ ይችላል። ይሁንና ዋናው መለኪያ ሰዓት ሳይሆን ጣት ነው፦ ቁራጩ በአውራ ጣትና በሌባ ጣት መካከል በቀስታ ሲጫኑት የሚፈርስ ከሆነ ለሕፃን ደርሷል፤ በራሱ ተሟሙቶ የሚበተን ከሆነ ግን ከልክ በላይ በስሏል።

የማጥቀሻዎቹ አዘገጃጀት

የሽምብራና የሰሊጥ ማጥቀሻ (ለአራት ሕፃናት)፦ አንድ የሻይ ብርጭቆ ሽምብራ ሌሊቱን በውኃ ተዘፍዝፎ ያድራል። መዘፍዘፉ የማብሰያ ጊዜውን ከማሳጠሩም በላይ የብረትና የዚንክ መመጠጥን የሚያውከውን ፋይቴት ይቀንሳል። ጠዋት የተዘፈዘፈበት ውኃ ተደፍቶ በአዲስ ውኃ እስኪፈርስ ይቀቀላል። ሲበርድ በእጅ ታሽቶ ገለባው ይወገድና ይደቆሳል። ከዚያም ሁለት የሾርባ ማንኪያ የታመሰና በደቃቁ የተፈጨ ሰሊጥ፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ዘይት፣ የግማሽ ሎሚ ጭማቂና አብሮ የተቀቀለ አንድ ፍንካች ነጭ ሽንኩርት ይጨመሩበታል። በተቀቀለበት ውኃ እየቀጠነ እንደ ወፍራም ሽሮ እስኪሆን ይማሰላል። በዚህ መጠን ለአንድ ሕፃን 5 ግራም ያህል ስብ ይደርሰዋል። አዮዲን ያለው ጨው በጣት ጫፍ ቁንጥር ያህል ቢጨመር ይበቃል፤ ዕድሜው ከአንድ ዓመት በታች ለሆነ ሕፃን ጨው አይጨመርም። በርበሬና ሚጥሚጣ አያስፈልጉም። ጊዜ ለሌላት እናት በወፍራሙ የተሠራ አልጫ ሽሮ፣ ከወረደ በኋላ ዘይትና ሎሚ ታክሎበት፣ ተመሳሳይ አገልግሎት ይሰጣል።

የአቮካዶና የእርጎ ማጥቀሻ (ለሁለት ሕፃናት)፦ ግማሽ የበሰለ አቮካዶ ተፈጭቶ ከሦስት የሾርባ ማንኪያ እርጎና ከጥቂት የሎሚ ጠብታ ጋር ይቀላቀላል። አቮካዶው ራሱ ስብ ስላለው ዘይት አያስፈልገውም። እርጎው ከተፈላ ወተት የተዘጋጀ መሆን አለበት፤ ካልተፈላ ወተት የተሠራ እርጎ ብሩሴሎሲስንና የከብት ሳንባ ነቀርሳን ሊያስተላልፍ ይችላል።

በጾም ወቅት ትናንሽ ሕፃናት የመጾም ግዴታ ባይኖርባቸውም፣ ብዙ እናቶች ዕቃቸው የፍስክ እንዳይነካው በማሰብ ለልጃቸው ወተትና እንቁላል ከማዘጋጀት ይቆጠባሉ። ባለሙያው የሕፃኑን የፍስክ ምግብ በተለየ ዕቃ ማዘጋጀት እንደሚቻል ሊመክር ይገባል። የሽምብራው ማጥቀሻ ግን በጾምም በፍስክም ያለ ችግር ይቀርባል።

አቀራረብና ጥንቃቄ

ከ6 እስከ 8 ወር ላለ ሕፃን አትክልቱና ማጥቀሻው አብረው ይደቆሱና በማንኪያ ይሰጣሉ። ከ9 ወር ጀምሮ በእጁ የሚይዘው ለስላሳ ቁራጭ ይጨመርለታል። ከአንድ ዓመት በኋላ ራሱ እያጠቀሰ ሊበላ ይችላል። በዚህ ሁሉ የእናት ጡት እስከ ሁለት ዓመትና ከዚያም በላይ ይቀጥላል። ሕፃኑ ቁጭ ብሎና አዋቂ አጠገቡ ሆኖ መመገብ አለበት፤ እየሮጠ ወይም ተኝቶ አይበላም። ሰሊጥ አለርጂ ሊያስከትል ስለሚችል ለመጀመሪያ ጊዜ በጥቂቱ ተሰጥቶ ክትትል ይደረጋል። ለእያንዳንዱ ልጅ ማጥቀሻው በየራሱ ስኒ ይቅረብ፤ የተረፈው ለሌላ ጊዜ አይቀመጥ። የበሰለ ምግብ ያለ ማቀዝቀዣ ከሁለት ሰዓት በላይ መቆየት የለበትም። ምግቡ ከመዘጋጀቱና ከመበላቱ በፊት የእናትም የልጅም እጅ በሳሙና ይታጠባል።

ልጁ ሲተፋው ምን ይደረጋል? አንድ ጊዜ መትፋት ጥላቻ አይደለም። ሊያን በርች እ.ኤ.አ. በ1982 ካሳተመችው ጥናት ጀምሮ የተደረጉ ምርምሮች ሕፃን አዲስ ምግብን የሚለምደው ደጋግሞ ሲቀምሰው መሆኑን አሳይተዋል፤ ከ8 እስከ 15 ጊዜ ማቅረብ ሊያስፈልግ ይችላል። ስለሆነም አንድ አዲስ አትክልት ልጁ ከሚወደው ሌላ ጋር በትንሹ፣ በተለያዩ ቀናት፣ ያለ ቁጣ ይቅረብ። አፍንጫ ይዞ ወይም እጅ አስሮ ማጉረስ ትንታንና ምግብ ወደ ሳንባ መግባትን ከማስከተሉም በላይ ልጁ ምግቡን እንዲፈራ ያደርጋል። «ካሮቱን ከበላህ ከረሜላ እሰጥሃለሁ» ማለትም አይጠቅምም፤ ከረሜላው ሽልማት፣ ካሮቱ ቅጣት ሆኖ ይታየዋልና። አብሮት የሚበላ ወላጅ ወይም ታላቅ ወንድም ወይም እህት ከማባበያ ሁሉ ይበልጣል።

ለምክር ሰጪው ባለሙያ

ምክሩ የሚጀምረው በጥያቄ ቢሆን ይመረጣል፦ በጓሮ ምን ይበቅላል? በገበያ ርካሹ ምንድን ነው? በቤት ሽሮ አለ? ልጁ ባለፈው ምን ቀምሶ ተፋ? በመልሱ መሠረት አንድ አትክልትና አንድ ማጥቀሻ መርጦ ከእናቲቱ ጋር መስማማት አሥር ዓይነት ዘርዝሮ ከመስጠት ይበልጣል። የምግብ ዝግጅት ትዕይንት በሚደረግበት ቀን ጣት በመጫን ብስለትን መለየት ለእናቶች በተግባር ይታይ።

ይህ ምግብ የማይተካቸው ነገሮች እንዳሉም መዘንጋት አይገባም። ዕድሜያቸው ከ6 እስከ 59 ወር ለሆኑ ሕፃናት በየ6 ወሩ የሚሰጠው የቫይታሚን ኤ እንክብል ይቀጥላል። እንቁላል፣ ወተትና ሥጋ በሚገኙበት ጊዜ ይጨመራሉ። ከሁሉ በላይ፣ የክንድ ዙሪያ ልኬቱ ከ11.5 ሳንቲ ሜትር በታች የሆነ ወይም ሁለቱም እግሮቹ ያበጡ ሕፃን በቤት ምግብ ምክር ብቻ አይሸኝም፤ ሳይዘገይ ወደ ሕክምናዊ ምግብ አገልግሎት መላክ አለበት።

ማጠቃለያ

አትክልት በእንፋሎት ሲበስል ንጥረ ነገሩና ጣዕሙ ይጠበቃሉ፤ ከጥራጥሬ፣ ከስብና ከሎሚ የተሠራ ማጥቀሻ ሲታከልበት ደግሞ ኃይልና ፕሮቲን ያገኛል፣ ቫይታሚኑም በሚገባ ይመጠጣል፣ ሕፃኑም በፈቃዱ ይበላል። አዘገጃጀቱ የሚጠይቀው በአብዛኛው ቤት የሚገኙ ድስት፣ ወንፊት፣ ጥራጥሬና ጥቂት ዘይት ነው። «ልጅዎን አትክልት ይመግቡ» የሚለው ምክር «በምን አብስለው፣ ከምን ጋር አጥቅሰው» የሚለውን አክሎ ሲሰጥ እናቲቱ ወደ ቤቷ የምትወስደው በዚያኑ ዕለት ልትሠራበት የምትችለውን ይሆናል።